ስለ ጫማ ስሞች ታሪክ

ጫማ የሚለውን ቃል በየቀኑ እንናገረዋለን፤ ከየት እንደ መጣ የሚጠይቅ ሰው ግን ጥቂት ነው። ለዚህ ለትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል መጽሐፍ የታሪክ ጽሑፍ እንድናቀርብ በታዘዝን ጊዜ፥ ጓደኞቻችን ነገሥታቱንና ጦርነቶቹን አስቀድመው ስለ ተከፋፈሏቸው፥ እኛ ዓይናችንን ወደ እግራችን መለስን። ነገሩን ስንመረምረውም አንድ የሚያስገርም ሁኔታ አገኘን፤ ይኸውም የጫማ ስም ሩቅ አገርን፥ የወደቀ ከተማን፥ አንዳንድ ጊዜም የጠፋ ቋንቋን ሲያስታውስ፥ ጫማውን የሰፋውን ሰው ግን አለማስታወሱ ነው። በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት ሌላ ካልተባለ በቀር እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ይወቅልን።

ከራሳችን ቋንቋ እንጀምር። በአማርኛ ጫማ የሚባለው ከቆዳ የተሠራው ዕቃ ብቻ አይደለም፤ መሬት የሚረግጠው የእግራችን ውስጥም ጫማ ይባላል። የእግር ጫማ ስንል ይህንኑ ማለታችን ነው። ርዝመት የምንለካበትም ጫማ አለ፤ እርሱም 12 ኢንች ወይም 30 ሴንቲ ሜትር ከግማሽ ያህል ነው። ከዚሁ ቃል ተጫማ የሚለው ግሥ፥ ከግሡም መጫሚያ የሚለው የሽማግሌዎች ቃል ይገኛል። እንግዲህ በእኛ ቋንቋ አንድ ቃል እግሩንም፥ የእግሩን ልክም፥ የእግሩን ልብስም ይጠራል ማለት ነው። ሻምበል አበበ ቢቂላ መስከረም 10 ቀን 1960 ዓ. ም. በሮማ ከተማ 42 ኪሎ ሜትር ከ195 ሜትር በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰኮንድ ሲሮጥ፥ የዓለም ጋዜጦች ሁሉ ያለ ጫማ ሮጠ ብለው ጻፉ። በአማርኛ ግን ጫማ እንደ ነበረው በቂ ማስረጃ አለን፤ እናቱ የወለደችው የእግሩ ጫማ ነበረ።

በግእዝ ጫማ ሣእን፥ ሲበዛም አሣእን ይባላል፤ ማሰሪያው ጠፍር ደግሞ ቶታን ነው። መጥምቁ ዮሐንስ ከእርሱ በኋላ የሚመጣውን ሰው የጫማ ጠፍር ይፈታ ዘንድ እንደማይገባው በተናገረበት የወንጌል ክፍል ሁለቱን ቃላት አንድ ላይ እናገኛቸዋለን። ሣእን የግእዝ ብቻ ሀብት አይደለም። ጥንት በባቢሎንና በአሦር በተነገረው በአካድኛ ቋንቋ ጫማ ሼኑ ይባል ነበር፤ በዕብራይስጥም ነቢዩ ኢሳይያስ በምዕራፍ 9 የወታደርን ጫማ ሲጠራ ሰኦን ይለዋል። የአሦር ወታደር በሰልፍ ሲሄድ የረገጠበትና የእኛ የቅኔ ተማሪ በብራና ላይ የሚያነበው ቃል የአንድ ቤተ ሰብ ልጆች ናቸው። አማርኛ ይህን የቆየ ቃል ትቶ የእግሩን ስም ለዕቃው ሰጠው። እኛ ይህን እንደ ጉድለት አንቆጥረውም፤ ግሩም ቀላልነት ነው።

ስሙን ለጊዜው ትተን ዕቃውን ራሱን ብንፈልግ፥ እጅግ የቆየው የቆዳ ጫማ የተገኘው በ2008 ዓ. ም. በአርመንያ አገር፥ አሬኒ በሚባል ዋሻ ውስጥ ነው። የቀኝ እግር ጫማ ነው፤ ግራው አልተገኘም። ርዝመቱ 24 ሴንቲ ሜትር ተኩል፥ ዕድሜው 5500 ዓመት ገደማ ሲሆን፥ ከጊዛው ትልቅ ፒራሚድ አንድ ሺህ ዓመት ያህል ይቀድማል። አንድ ወጥ የላም ቆዳ እግሩን እንደ ሕፃን ጠቅልሎ ከላይ በጠፍር ተጠልፏል፤ ውስጡም ሣር ተጎስጉሶበታል። ይህን ያህል ዘመን ሳይበሰብስ የቆየው የዋሻው አየር ደረቅ ስለ ሆነና የበግ በጠጥ ከላይ ስለ ሸፈነው ነው። ለንጉሥ መቃብር የተደረገው ጥንቃቄ ሁሉ ሌባ ሲያፈርሰው፥ ለዚህ ጫማ በጠጥ በቃው! ከቆዳ ሌላ የተሠራ ጫማ ከተቆጠረ ግን ከዚህም የሚበልጥ አለ፤ በአሜሪካ በኦሬጎን አገር በ1938 ዓ. ም. ከቁጥቋጦ ልጥ የተጎነጎኑ ነጠላ ጫማዎች በዋሻ ውስጥ ተገኝተዋል፤ ዕድሜያቸውም ከ9000 ዓመት በላይ ነው።

እግርን ከሥር ወደ ላይ በአንድ ቆዳ መጠቅለል በአርመንያ ብቻ አልቀረም። በሰሜን አሜሪካ የሚኖሩ ነባር ሕዝቦች እንዲሁ ያደርጉ ነበር፤ ስሙንም የሰጡን እነርሱ ናቸው። ጆን ስሚዝ የተባለው እንግሊዛዊ በ1612 ዓ. ም. ስለ ቨርጂኒያ ባሳተመው መጽሐፍ የፖውሃታንን ሕዝብ ቃላት ከነትርጉማቸው በዝርዝር ሲያቀርብ፥ ሞካሲን ማለት ጫማ ነው ብሎ ጻፈ። ከዚያ ወዲህ ቃሉ ወደ ፈረንሳይኛና ወደ ጣልያንኛ ገባ፤ በእኛም ከተማ ማሰሪያ የሌለውን ለስላሳ ጫማ ሞካሲን የሚሉ ነጋዴዎች አሉ። የቃሉ ባለቤቶች ግን መሬታቸውን አጡ፤ ቋንቋቸውም እስከ 18ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ ድረስ ከሰው አፍ ጠፋ። ከልጅ ልጆቻቸው ዛሬም በቨርጂኒያ የሚኖሩ አሉ፤ ነገር ግን የአያቶቻቸውን ቋንቋ ለማወቅ ሲፈልጉ የሚያገኙት ስሚዝንና በዚያው ዘመን የነበሩ ሌሎች እንግሊዞች የለቀሙትን ጥቂት ቃል ነው። ቋንቋው ሞቶ ጫማው በሕይወት አለ።

የሞካሲንን አሠራር በጥቂቱ መግለጽ ያስፈልጋል፤ ያለዚያ በኋላ የምንናገረው አይገባም። በተለመደው ጫማ የላይኛው ቆዳ ከላይ ወደ ታች ወርዶ ከሶሉ ጋር ይሰፋል። በሞካሲን ግን ቆዳው ከእግር በታች ተነጥፎ በጎንና በጎን ወደ ላይ ይወጣና፥ በእግሩ ጀርባ ላይ ሌላ ትንሽ ቁራጭ ቆዳ እንደ ክዳን ተደርጎ ይያያዛል። ሠራተኛው ቆዳውን በውኃ አርሶ የእግር ቅርጽ ባለው እንጨት ላይ ይወጥረዋል፤ በወስፌ ይበሳል፤ በሰም የታሸ አንድ ክር በሁለት ጫፉ መርፌ አስገብቶ በአንዱ ቀዳዳ ከግራና ከቀኝ ያሳልፋል። አንዱ ስፌት ቢበጠስ ሌላው ይይዛል። ችግሩ የሚመጣው በጣቶቹ አካባቢ ነው፤ ከታች የመጣው ቆዳ ዙሪያው ረጅም፥ ክዳኑ ደግሞ አጭር ስለ ሆነ፥ ረጅሙ በአጭሩ ላይ እየተሸበሸበ መግባት አለበት። ከትምህርት ቤታችን በታች የሚሠሩትን አዛውንት ጫማ ሰፊ፥ «አባባ፥ ይህ በመኪና አይሰፋም ወይ?» ብለን ብንጠይቃቸው፥ «ልጆቼ፥ መኪና ቀጥ ያለውን ይሰፋል፤ ሽብሽቡን እኩል የሚያከፋፍለው ጣት ነው» ብለው የአውራ ጣታቸውን ጠባሳ አሳዩን። ዛሬ በመኪና ይህን የሚመስል የሚሠሩ ፋብሪካዎች አሉ፤ ሆኖም በውድ ዋጋ የሚሸጠው አሁንም በእጅ የተሰፋው ነው።

አሁን ወደ ኖርዌይ እንሻገር። በዚያ አገር በባሕር ሰርጥ ዳር፥ በተራሮች መካከል፥ አውርላንድ የሚባል ትንሽ መንደር አለ። ኒልስ ትቬራንገር የሚባል የዚህ መንደር ልጅ (1874—1953) በ13 ዓመቱ ወደ ሰሜን አሜሪካ ሄዶ የጫማ ስፌት ተማረና በ20 ዓመቱ ወደ አገሩ ተመለሰ። በ1930 ዓ. ም. ገደማ ማሰሪያ የሌለው፥ እግር ውስጥ ሸርተት ብሎ የሚገባ አዲስ ጫማ አወጣ፤ ስሙንም የአውርላንድ ሞካሲን አለው። ጫማው በአሜሪካ የኢሮኮይ ሕዝቦች ከሚያደርጉት ሞካሲን ጋር ይመሳሰላል፤ የመንደሩ ሰዎች ከድሮ ጀምሮ ያደርጉት ከነበረው ጫማ ጋርም ይመሳሰላል። እኛ ስናስበው ሠራተኛው በልጅነቱ በባዕድ አገር ያየውንና በአባቶቹ ቤት ያገኘውን በአንድ ላይ የሰፋው ይመስለናል። በጫማ ታሪክ ውስጥ ስማቸው ከነዕድሜያቸው ከሚታወቁት ጥቂት ሰፊዎች አንዱ ይህ ሰው ስለ ሆነ በጉዳዩ ላይ ትንሽ መቆየታችን ተገቢ ነው።

ኖርዌይን የጎበኙ አሜሪካውያን ጫማውን ወደዱት። በ1930ዎቹ በአሜሪካ በኒው ሃምፕሻየርና በሜይን ያሉ ጫማ ሠሪዎች አስመስለው መሥራት ጀመሩ። የሜይኑ የባስ ፋብሪካ ኖርዊጅያን ከሚለው ቃል መጨረሻውን ቆርጦ ዊጁንስ ብሎ ሰየመው። ነገሩን አስተውሉ፤ የሞካሲን ስም ከአሜሪካ ወጣ፤ ጫማው ግን ከአሜሪካ ወጥቶ ባሕር ተሻግሮ ወደ አሜሪካ ሲመለስ የኖርዌይ ሰው ስም ይዞ ገባ። የቨርጂኒያ ሰዎች በመንገድ ላይ ቀሩ። በጫማው ጀርባ ላይ የምትሰፋው መቀነት የመሰለች ቆዳ በመካከሏ ትንሽ መስኮት ነበረችባት፤ ተማሪዎች በዚያች መስኮት የአንድ ሳንቲም ገንዘብ ስለ ሸጎጡባት ፔኒ ሎፈር የሚል ቅጽል ወጣላት። በ1953 ዓ. ም. ደግሞ የጣልያኑ የጉቺ ቤት የፈረስ ልጓም ብረት የመሰለ ጌጥ ጨመረበትና የሀብታሞች ጫማ አደረገው።

ሎፈር የሚለውን ስም የሰሙ ብዙዎች ትርጉሙን አይጠይቁም። ሎፈር ማለት ሥራ ፈት፥ ቦዘኔ ማለት ነው። ቃሉ በአሜሪካ በ1830ዎቹ ብቅ አለ፤ መነሻውም ላንድሎይፈር ከሚለው የጀርመን ቃል ሳይሆን አይቀርም፤ ይህም አገር ለአገር የሚዞር ሰው ማለት ነው። ጫማው ጎንበስ ብሎ ማሰር ስለማያስፈልገው ለሰነፍ ተስማሚ ነው ተብሎ ይህ ስም ተሰጠው። እንግዲህ ያ ሁሉ ወስፌና መርፌ፥ ያ ሁሉ የጣት ጠባሳ ያለፈበት ሥራ የሥራ ፈት ጫማ ተባለ! ስሙ የወጣው ከሚያደርገው ሰው ስንፍና እንጂ ከሚሰፋው ሰው ድካም አልነበረም።

ይህ ፍርደ ገምድልነት በሎፈር አልተጀመረም። በእስፓንያ ያለችው የኮርዶባ ከተማ በእስላሞች መንግሥት ዘመን በፍየል ቆዳ ሥራ የታወቀች ነበረች። ቆዳው እጅግ የለሰለሰ ስለ ነበር በመላው አውሮፓ በከተማይቱ ስም ይጠራ ጀመር። በ1236 ዓ. ም. የካስቲል ንጉሥ ከተማይቱን ያዘ፤ በ1609 ዓ. ም. ክርስትና የተቀበሉት የእስላሞቹ ዘሮች ሳይቀሩ ከእስፓንያ እንዲወጡ ታዘዘ። ቃሉን ግን የሚያባርር ንጉሥ አልተገኘም። ፈረንሳዮች ጫማ ሰፊን ኮርዶንዬ ይሉታል፤ ብዙዎቹም ቃሉ ክር ወይም ማሰሪያ ማለት ከሆነው ከኮርዶን የመጣ ይመስላቸዋል። እንግሊዞችም ኮርድዌነር አሉ። የለንደን ኮርድዌነሮች ማኅበር ደንቡን ያገኘው በ1272 ዓ. ም. ነው። በዚያ ማኅበር ሥርዓት አዲስ ቆዳ የሚሰፋው ኮርድዌነር የተከበረ ሲሆን፥ አሮጌ ጫማ የሚጠግነው ኮብለር ዝቅ ያለ ነበር፤ አንዱም በሌላው ሥራ እንዲገባ አይፈቀድለትም ነበር።

ስለዚህ ልዩነት የሚነገር አንድ ታሪክ ከመምህራኖቻችን ሰምተናል። ዊልያም ኬሪ በ1761 ዓ. ም. በእንግሊዝ አገር ተወልዶ በልጅነቱ ጫማ ስፌት የተማረ ሰው ነው። በ1793 ዓ. ም. ወደ ሕንድ አገር ሄዶ እስከ ሞተበት እስከ 1834 ዓ. ም. ድረስ እዚያው ኖረ፤ መጽሐፍ ቅዱስንም በቤንጋልኛና በሌሎች የሕንድ ቋንቋዎች አስተረጐመ። አንድ ቀን በታላላቅ ሰዎች ማዕድ ላይ ተቀምጦ ሳለ፥ አንድ የጦር መኰንን ሊያሳፍረው አስቦ ይህ ሰው ጫማ ሠሪ አልነበረምን ብሎ ሌላውን ጠየቀ። ኬሪም ሰምቶ ኖሮ፥ ጫማ ሠሪስ አልነበርሁም፥ ጠጋኝ ብቻ ነበርሁ ብሎ መለሰለት ይባላል። መኰንኑ አንድ ደረጃ ሊያወርደው ሲል እርሱ ራሱን ሁለት ደረጃ አወረደ።

ሌሎቹን ስሞች በአጭሩ እናልፋቸዋለን። በፋርስ ቋንቋ ፓ እግር፥ ፑሽ መሸፈኛ ማለት ስለ ሆነ ሁለቱ ሲገጥሙ የእግር መሸፈኛ ይሆናሉ፤ ከዚህም የቱርኮች ፓቡጅ፥ የዐረቦች ባቡጅ፥ የፈረንሳዮች ባቡሽ ተገኘ። ሌሊት የምንለብሰው ፒጃማም የዚሁ የፓ ልጅ ነው፤ ጃማ ልብስ ማለት ነውና። ከጓደኞቻችን አንዱ እንግዲያው የእኛ ጫማ ከጃማ መጣ ብሎ ተከራክሮን ነበር፤ ነገር ግን የድምፅ መመሳሰል ብቻውን ዝምድና አይሆንም። ለዚህ ሰንደል ምስክር ነው፤ ሰንደል ጫማ ከግሪክ ሳንዳልዮን ሲመጣ፥ በቤት የምናጤሰው ሰንደል ግን ከሕንዶች ቻንዳና የመጣ የእንጨት ስም ነው። ሁለቱ በአማርኛ ተገናኙ እንጂ በትውልድ አይተዋወቁም። የፈረንሳዮች የእንጨት ጫማ ሳቦ ይባላል፤ ሳቦታዥ የሚለውም ቃል ከእርሱ ወጣ። ሠራተኞች ሳቦአቸውን በመኪና ውስጥ ወርውረው ሰበሩት የሚባለው ወሬ ጣፋጭ ቢሆንም እውነት አይመስልም፤ ቃሉ በእንጨት ጫማ እየተንገዳገዱ እንደ መሄድ ሥራን አበላሽቶ መሥራት ማለት ነበረ።

በአገራችን የጫማ ነገር ከጣልያኖች ጋር ብዙ ተገናኝቷል። ታኮ ከጣልያኑ ታኮ፥ ካልሲ ከካልሴ፥ ሊስትሮም ማሳመር ማንጸባረቅ ከሚል የጣልያን ቃል የመጡ ናቸው። ጠላት አምስት ዓመት ተቀምጦ ወጣ፤ የጫማ ተረከዝ ግን በስሙ ቀረ። ሊስትሮ የሚለው ስም ዕጣ ለየት ያለ ነው። በጣልያንኛ የጫማው መንጸባረቅ የነበረው በእኛ ዘንድ ሣጥን ተሸክሞ በመንገድ ዳር የሚቀመጠው ልጅ ስም ሆነ። እስካሁን ካየናቸው ቃላት ሁሉ ከጫማው ወደ ሠራተኛው የተሻገረው ይህ አንዱ ነው፤ እርሱም ቢሆን ለክብር አልተሰጠም።

ጫማ ሰፊ የሚለው ስም ንጹሕ ነው፤ ሥራውን ብቻ ይናገራል። ቆዳው ከሰፊው እጅ ከመድረሱ በፊት ግን የሚነክረው፥ ጠጉሩን የሚያነሣው፥ የሚፍቀው፥ የሚያለፋው ሌላ ሰው አለ። ይህ ሰው በብዙ የአገራችን ክፍል ከሌላው ተለይቶ፥ በመንደር ዳር ተቀምጦ፥ ጋብቻ ተከልክሎ የኖረ ነው። ፋቂ የሚለው ስም ከግሡ አንጻር ሲታይ ጻፈ ብሎ ጸሐፊ፥ ሰፋ ብሎ ሰፊ እንደ ማለት ያለ ነውር የሌለበት ቃል ነበረ። ስድብ ያደረገው የተናጋሪው አፍ ነው። በሐዋርያት ሥራ በምዕራፍ 9 እና 10 እንደምናነበው ሐዋርያው ጴጥሮስ በኢዮጴ ከተማ ብዙ ቀን በእንግድነት የተቀመጠው ስምዖን ከሚባል ሰው ቤት ነው፤ የስምዖንም ቤት በባሕር ዳር ነበረ፤ ሥራውም ቁርበት መፋቅ ነበረ። በአይሁድ ዘንድ ይህ ሥራ የተናቀ ነበር፤ ጴጥሮስ ግን ከዚያ ቤት ገባ። የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስም ስምዖንን ቁርበት ፋቂ ብሎ በሥራው ስም ይጠራዋል።

ዳግማዊ ምኒልክም እንደ እኛ አቆጣጠር በ1900 ዓ. ም. ባወጡት አዋጅ ሠራተኛን በሥራው ስም መስደብን ከልክለዋል፤ ብረት ሠሪውና ሸማ ሠሪው እየተሰደቡ ሥራ ቢጠሉ አገር ያለ ዕቃ እንደሚቀር ተመልክተው ነበር። ከዚያ አዋጅ ወዲህ መቶ ዓመት አልፏል። በአንድ ትምህርት ቤት ግቢ፥ በእግር ኳስ ጨዋታ መካከል፥ አንዱ ተማሪ ሌላውን ፋቂ ብሎ ሲሰድበው ሰምተናል፤ ሰዳቢው ያን ጊዜ ኳሷን ሊመታ የቆመበት ጫማ የፍየል ቆዳ ነበረ።